በሴት ሆድ ውስጥ ስለሚያድገው «የወሰን ላይ ዕጢ» እና ስለ ሕክምናው የተደረገ ንግግር

(በማኅበራችን ጠቅላላ ስብሰባ ላይ ከጽሕፈት ቤቱ የቀረበ። ስብሰባውን ላልታደሙ አባሎች ይደርስ ዘንድ በሰሌዳው ላይ ተለጥፏል።)



ዛሬ ከመዋጮውና ከድንኳኑ ጉዳይ በፊት ይህን ነገር ማስቀደማችን ያስገረማችሁ አትጠፉም። «ማኅበሩ የተቋቋመው ለቀብርና ለለቅሶ ነው፤ የሴት ሆድ በሽታ ምን አገባው?» የሚል ድምፅ ከወደ ኋላ ተሰምቶናል። ሰው ሲሞት ድንኳን ለመትከል የምንሰበሰብ ሰዎች ሰው በሕይወት ሳለ ለመርዳት ብንሰበሰብ ምን ይከፋል? ይህን ብለን ወደ ነገራችን እንገባለን።

ነገሩን ያነሣነው ያለ ምክንያት አይደለም። በሰፈራችን በአንዲት እኅታችን ላይ የደረሰውን ብዙዎቻችሁ ታውቃላችሁ። ስሟን አንጠራም፤ ቤቷንም አናመለክትም። እንድንናገረው ግን ራሷ ፈቅዳልናለች። ባሏ ለሰሊጥ ሥራ ወደ መተማ በወረደበት ወቅት ሆዷ ማበጥ ጀመረ። ቀሚሷ ጠበባት። ጥቂት ስትቀምስ ትጠግባለች፤ ሽንቷም ቶሎ ቶሎ ይመጣባታል። ይኸን ጊዜ ወሬው ከምንጭ ዳር ተነሥቶ ወፍጮ ቤት ደረሰ፤ ከወፍጮ ቤት ጠላ ቤት ገባ። «ባሏ ሳይኖር ከማን አረገዘች?» ተባለ። ዘጠኝ ወር አለፈ፤ አሥረኛውም ገባ፤ ልጅ የለም። ያን ጊዜ ደግሞ ወሬው ልብሱን ለውጦ «መድኃኒት አድርገውባት ነው» ሆነ።

በመጨረሻ ደባርቅ ሐኪም ቤት ወጥታ በአልትራሳውንድ ስትታይ በሆዷ ውስጥ ያለው ልጅ አይደለም፤ ፈሳሽ የቋጠረ ትልቅ ዕጢ ነው። ወደ ጎንደር ተላከች፣ ኦፕራሲዮን ሆነች፣ ዕጢው ከነማቀፊያው ወጣ። ከጥቂት ጊዜ በኋላ የምርመራው ወረቀት ሲመጣ «ቦርደርላይን» የሚል ቃል ነበረበት። እንግዲህ ጭቅጭቁ የተነሣው ከዚህች ቃል ነው። ግማሹ ሰው «ነቀርሳ ነው፤ አበቃላት» አለ። ሌላው «ምንም አይደለም፤ አለቀ፤ ቀጠሮ ምን ያደርጋል» አለ። የባሏ ወገኖች ደግሞ «ከእንግዲህ አትወልድም፤ ይፍታት» ብለው ሽማግሌ እስከ መላክ ደረሱ። ማኅበሩን ለእርቅ በጠሩን ጊዜ፣ ወረቀቱ የሚለውን ሳናውቅ ምን ብለን እንፈርዳለን ብለን ሦስት ሰዎች መርጠን ጎንደር ላክን። ሐኪሞቹን ጠየቅን፤ የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛችንም የተጻፈውን እያነበበች አስረዳችን። እኛ ሐኪሞች አይደለንም፤ ትምህርታችንም ከአንደኛ ደረጃ አያልፍም። የምንነግራችሁ ጠይቀን የተረዳነውን ነው።

ሴት ልጅ ከማኅፀኗ ግራና ቀኝ ሁለት የእንቁላል ማምረቻዎች አሏት። ሐኪሞች ኦቫሪ ይሏቸዋል። የአውራ ጣት ጫፍ ያህላሉ። በየወሩ ከአንዱ እንቁላል ይወጣል፤ የወር አበባም፣ ጽንስም በዚሁ ሥርዓት የሚሄድ ነው። በእነዚህ ላይ ዕጢ ሊበቅል ይችላል። የሚበቅለው ዕጢ ሁሉ አንድ አይደለም። አንዱ ደኅናው ነው፤ ያድጋል እንጂ አይጎዳም፣ ሲወጣም ነገሩ ያልቃል። ሁለተኛው ክፉው ነው፤ ይኸውም ነቀርሳ ወይም ካንሰር የምንለው። በሁለቱ መካከል የሚገኘው ሦስተኛው ነው ቦርደርላይን የተባለው። በእኛ ቋንቋ «የወሰን ላይ ዕጢ» ብንለው ይገልጸዋል።

ገበሬ ለሆነ ሰው ነገሩ አይከብድም። ነቀርሳ ማለት ወሰን ጥሶ የሰው ማሳ የሚያርስ ጎረቤት ነው። ደኅናው ዕጢ በገዛ ማሳው የሚቀር ነው። የወሰን ላይ ዕጢ ግን በሬውን ጠምዶ ወሰኑ ላይ ቆሟል፤ ሁኔታው አያምርም፣ ማረሻውን ግን ወደ ሰው ማሳ አላስገባም። በማይክሮስኮፕ ሲታይ ሕዋሶቹ ከልክ በላይ ተባዝተዋል፤ መልካቸውም ሥርዓት ያጣ ነው፤ ነገር ግን ከሥራቸው ያለውን ሥጋ እየቆፈሩ አልገቡም። በነቀርሳና በእሱ መካከል ያለው ዋናው ልዩነት ይኸው መቆፈርና አለመቆፈር ነው።

ይህንንም ለይተው ያወቁት ትናንት አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1929 ሃዋርድ ቴይለር የሚባሉ የአሜሪካ ሐኪም፣ ነቀርሳ የሚመስሉ ሆነው ሳለ ሴቶቹን የማይገድሉ የኦቫሪ ዕጢዎች እንዳሉ ጻፉ። እ.ኤ.አ. በ1971 የዓለም የማኅፀንና የጽንስ ሐኪሞች ፌዴሬሽን ለብቻው መደብ ሰጠው፤ ሁለት ዓመት ቆይቶም የዓለም ጤና ድርጅት ተቀበለው። ከዚያ በፊት ግን ከነቀርሳ ጋር ተደባልቆ የታየበት ጊዜ ብዙ ነበር። ስለዚህ የእኛ ሰፈር ሰው ቢደናገር አይፈረድበትም።

ብዛቱን በተመለከተ፣ ደኅናዎቹን ትተን ከቀሩት በኦቫሪ ሽፋን ላይ ከሚነሡት ዕጢዎች ከ100 ከ10 እስከ 20 ያህሉ የወሰን ላይ ናቸው። ዋናው ነቀርሳ የሚበዛው በዕድሜ በገፉት ሴቶች ላይ ሲሆን ይኸኛው ግን ወጣቶችንም ይይዛል፤ ከሚያዙት ሲሦ ያህሉ ከ40 ዓመት በታች ናቸው። ስለዚህ ነው የልጅ ነገር አብሮ የሚነሣው።

ዓይነቱም በዋናነት ሁለት ነው። አንደኛው ሴረስ ይባላል፤ ቀጭን ውኃ ይቋጥራል፤ ከሦስቱ ሴቶች በአንዷ በሁለቱም ወገን ይገኛል። ሁለተኛው ሙሲነስ ነው፤ የተልባ ውኃ የመሰለ ዝልግልግ ይይዛል። ይኸኛው ብዙ ጊዜ በአንድ ወገን ብቻ ነው፤ ግን እጅግ ይተልቃል። እርግዝና የሚያስመስለውም ይኼ ነው።

እርግዝና ማስመሰሉን ካነሣን አንድ የሩቅ አገር ታሪክ እንንገራችሁ። እ.ኤ.አ. በ1809 በአሜሪካ በኬንታኪ ግዛት ጄን ክራውፎርድ የምትባል የልጆች እናት ሆዷ ተነፋ። መንታ አርግዛ ቀኑ አልፏት ነው ተባለ። ኤፍሬም ማክዶዌል የሚባሉ ሐኪም መጥተው ቢያይዋት ነገሩ የኦቫሪ ዕጢ ነው። በዚያ ዘመን ሆድ ቀዶ ያን የመሰለ ዕጢ አውጥቶ ያዳነ ሐኪም አልነበረም፤ እሳቸውም ይህንኑ አልደበቋትም። እሷም እሺ ብላ በብርዱ ወራት በፈረስ ተቀምጣ 100 ኪሎ ሜትር ያህል ተጓዘች። ልብ በሉ፣ ከደባርቅ እስከ ጎንደር ያለውን መንገድ መሆኑ ነው፤ በዚያ ሆድ፣ በፈረስ! ማደንዘዣ የሚባል ገና አልተገኘም። ጠረጴዛ ላይ ተጋድማ መዝሙር እያዜመች 10 ኪሎ ያህል የሚመዝን ዕጢ አወጡላት። ከ25 ቀን በኋላ ወደ ቤቷ ተመለሰች፤ ከዚያም 32 ዓመት ኖራ በ78 ዓመቷ ዐረፈች። የኛ ሰው ዛሬ ማደንዘዣ እያለ፣ መኪና እያለ፣ «ሆድ ከተቀደደ ነፋስ ይገባል» ሲል ስንሰማ ይህቺን ሴት እናስባለን።

አሁን ወደ ምልክቱ። መጀመሪያ ላይ ምንም ላይሰማ ይችላል። ቆይቶ ሆድ ይነፋል፤ ልብስ ይጠባል፤ ቶሎ መጥገብ ይመጣል፤ ሽንት ይደጋግማል፤ ከእምብርት በታች ይከብዳል። ሁሉም ሲነፋ ግን ዕጢ ነው አይባልም። እርግዝና ሊሆን ይችላል፤ የጉበት በሽታ ሊሆን ይችላል፤ የሆድ ሳንባ ነቀርሳም ሆድን በውኃ ይሞላል። ሲኤ 125 የሚባለውን የደም ምርመራ እንኳ የሆድ ሳንባ ነቀርሳ ከፍ ያደርገዋል። ስለዚህ አንድ የደም ወረቀት ብቻ ይዞ «ካንሰር ነው» ብሎ መደምደም አይገባም ብለውናል። አልትራሳውንዱ ዕጢ መኖሩን፣ መጠኑን፣ ውስጡ ውኃ ይሁን ጠጣር ያሳያል፤ የቱ ዓይነት እንደሆነ ግን አይቆርጥም።

አንድ ነገር አደራ። ዕጢው ባለበት በአንገቱ ሊጠማዘዝ ይችላል። ድንገት ከወገብ በታች የሚያንገበግብ ሕመም ተነሥቶ ትውከት ከተከተለው፣ ያ ሌሊትም ቢሆን ቃሬዛ የሚነሣበት ነው። እስኪነጋ እንይ፣ ፌጦ ትጠጣ፣ ትታሽ አይባልም። ሆድ ማሸቱ በማናቸውም ጊዜ ጥሩ አይደለም፤ የቋጠረው ሊፈነዳ ይችላል።

የዕጢው ማንነት የሚለየው ከወጣ በኋላ ነው። ይህን ብዙ ሰው አያውቅም፤ እኛም በደንብ የጠየቅነው ይህንኑ ነው። የወጣው ዕጢ በመድኃኒት ውስጥ ይቀመጥና ፓቶሎጂ ወደሚባለው ክፍል ይሄዳል። እዚያ ይቆራረጣል፤ በሰም ይያዝና ከፀጉር በቀጠነ ልክ ይላጣል፤ ቀለም ይቀባና በማይክሮስኮፕ ይታያል። ዕጢው ትልቅ ከሆነ ከብዙ ቦታ መቆረጥ አለበት፤ ምክንያቱም በአንዱ ጥግ ደኅና፣ በሌላው የወሰን ላይ፣ በሦስተኛው ደግሞ ነቀርሳ ሆኖ ሊገኝ ይችላል። ጊዜ የሚወስደውም ለዚህ ነው። በአንዳንድ ታላላቅ ሐኪም ቤቶች ገና ኦፕራሲዮኑ ሳያልቅ ቁራጩን አቀዝቅዘው ግማሽ ሰዓት ባልሞላ ጊዜ መልስ ይሰጣሉ፤ ይሁንና ለወሰን ላይ ዕጢ ያ የችኮላ መልስ ብዙ ጊዜ ይስታል አሉን። እንግዲህ ቁስሉ ዳነ ብሎ ወረቀቱን ሳይቀበሉ መቅረት ሥራውን ከግማሹ ላይ መጣል ነው። በርሜሉን አስቀድቶ ክዳኑን ሳይገጥሙ ሊማሊሞን እንደ መውረድ ቁጠሩት።

ሕክምናው ምንድን ነው ላላችሁ፣ ኦፕራሲዮን ነው። ፀጉር የሚያረግፈው የነቀርሳ መድኃኒት፣ ኬሞ የሚባለው፣ ለዚህ አይሰጥም። ያ መድኃኒት የሚበረታው ቶሎ ቶሎ የሚባዛውን ሕዋስ በመግደል ነው፤ ይኸኛው ግን አዝጋሚ ስለሆነ አይነካውም። የጨረር ሕክምናም አያስፈልገውም። «አዲስ አበባ ጥቁር አንበሳ ወርዶ ለጨረር ወረፋ መጠበቅ ነው» እየተባለ እኅታችን ከብቷን ልትሸጥ ነበር፤ ለዚህ በሽታ የሚያስፈልግ አልነበረም።

የኦፕራሲዮኑ ስፋት እንደ ሴቲቱ ዕድሜና ፍላጎት ይለያል። ልጅ መውለዷን የጨረሰች እናት ስትሆን ሁለቱም ኦቫሪዎች ከቱቦዎቻቸው ጋር፣ ብዙ ጊዜም ማኅፀን፣ ይወጣሉ። ገና መውለድ የምትፈልግ ስትሆን የታመመው ወገን ብቻ ይወጣና ደኅናው ኦቫሪና ማኅፀኑ ይቀራሉ። በሁለቱም ወገን ዕጢ ከተገኘ ደግሞ ከአንዱ ላይ ዕጢው ብቻ ተፈልቅቆ ቀሪው ሥጋ ሊተርፍ ይችላል። በዚያው ሐኪሞቹ ሆድ ዕቃውን ይመለከታሉ፤ ከሆድ ውስጥ ሽፋን ላይ ናሙና ይወስዳሉ። ዝልግልግ የሚቋጥረው ዓይነት ከሆነ ትርፍ አንጀቱንም ያያሉ፤ አንዳንዴ ዕጢው ከዚያ ተነሥቶ ይገኛልና።

እዚህ ላይ ለባሏ ወገኖች የነገርናቸውን ለሁላችሁም እንድገመው። በአንድ ኦቫሪ ይወለዳል። አንድ ዐይን የቀረው ሰው እንደሚያይ ሁሉ አንዱ ኦቫሪ በየወሩ እንቁላል ይሰጣል፤ የወር አበባም ይቀጥላል። እንዲህ ታክመው የወለዱ ሴቶች በየአገሩ ብዙ ናቸው። አንድ አባት ተነሥተው «ታዲያ ለልጁ አይተላለፍም ወይ?» ብለው ጠይቀዋል፤ ጥያቄው ጥሩ ነው። አይተላለፍም። በመኝታም፣ በመብልም፣ በጡትም አይተላለፍም። ከዝሙት የመጣ አይደለም፤ መርገምም አይደለም።

የመዳኑ ተስፋ እንዴት ነው? በብዙዎቹ ዕጢው ገና በኦቫሪው ላይ ሳለ ነው የሚገኘው። እንዲህ ከተገኙት 100 ሴቶች ከ5 ዓመት በኋላ ከ95 በላይ የሚሆኑት በሕይወት አሉ። ይህ ከዋናው የኦቫሪ ነቀርሳ ጋር የሚነጻጸር አይደለም፤ ያ ክፉ ገዳይ ነው። ስለዚህ «አበቃላት» ያለው ወገን ተሳስቷል።

«አለቀ፤ ቀጠሮ ምን ያደርጋል» ያለውም እንዲሁ ልክ አይደለም። የወሰን ላይ ዕጢ ተመልሶ ሊመጣ ይችላል። ኦቫሪ የተረፈላት ሴት ሁሉም ከወጣባት ይልቅ ይመለስባታል፤ ዕጢው ብቻ ተፈልቅቆ የወጣላት ደግሞ የበለጠ። ሲመለስም በአብዛኛው ያው የወሰን ላይ ሆኖ ነው፤ ዳግመኛ ኦፕራሲዮን ይወጣል። ጥቂቱ ግን ወደ ነቀርሳ ተለውጦ ይገኛል። አመላለሱ ደግሞ ዝግ ያለ ነው፤ ከ10 ዓመት በኋላም ሊከሠት ይችላል። ስለዚህ መጀመሪያ ላይ በየጥቂት ወሩ፣ ቆይቶም በዓመት አንድ ጊዜ፣ ለብዙ ዓመት መታየት ያስፈልጋል። አንዳንዴም ከዕጢው የረገፈ ዘር በሆድ ሽፋን ላይ ይገኛል። ያ ዘር ካልቆፈረ ክትትል ይበቃዋል፤ ቆፍሮ ከገባ ግን እንደ አዝጋሚ ነቀርሳ ይታያል፤ ሕክምናውም ይለወጣል። ወረቀቱ ላይ ይኸ አለ ወይስ የለም ብላችሁ ጠይቁ። ልጅ ከተወለደ በኋላ ቀሪውን ኦቫሪ ማስወጣት ያስፈልጋል ወይ ለሚለው፣ ሴቲቱ ከሐኪሟ ጋር የምትመክረው ነው፤ ባል ወይም አማት ቆርጦ የሚናገረው አይደለም።

ጸበልን በተመለከተ የሚነሣውን እናውቃለን። ጸበል አትሂዱ የሚል ከእኛ አፍ አልወጣም። ተጠምቆ መታከም፣ ታክሞም መጠመቅ ይቻላል። ከባድ የሚሆነው ሆድ እያደገ ሱባኤ በሱባኤ ላይ ሲጨመር ነው። እኅታችን የተቀመጠችበት ቦታ ያሉት አባት ራሳቸው «ልጄ፣ ሐኪሙንም የፈጠረው እሱ ነው» ብለው ሸኟት፤ እግዚአብሔር ይስጣቸው።

መንገዱ እንግዲህ እንዲህ ነው። ከጤና ጣቢያ ይጀመራል፤ ከዚያ ደባርቅ፣ ከደባርቅም ጎንደር። ጎንደር ያለው የዩኒቨርሲቲው ሐኪም ቤት አባቶቻችን የሕዝብ ጤና ኮሌጅ የሚሉት ነው፤ ኮሌጁ በ1947 ዓ.ም. የተቋቋመ ሲሆን ዛሬ በማኅፀን ሕክምናና በፓቶሎጂ ሐኪሞች የሚሠለጥኑበት ነው። የጤና መድን ያላችሁ ደብተራችሁንና የሪፈር ወረቀታችሁን ሳትይዙ አትውጡ። ሪፈር ሳይዙ በቀጥታ ጎንደር የሄዱ ሰዎች ከኪሳቸው ከፍለው ሲመለሱ አይተናል። ኦፕራሲዮን ላይ ደም ሊያስፈልግ ስለሚችል ደም የሚሰጥ ጤነኛ ሰው አብሮ ቢሄድ መልካም ነው። የፓቶሎጂው ወረቀት ደግሞ የዕድሜ ልክ ሰነድ ነው፤ ከመሬት ግብር ደረሰኝ ጋር በፌስታል አስራችሁ አስቀምጡት። ከ8 ዓመት በኋላ የሚያይ ሐኪም ያንን ነው የሚጠይቀው።

ማኅበሩ ምን ያድርግ? የሥራ አመራሩ ተቀምጦ ለጉባኤው የሚያቀርበው ይህ ነው። አንደኛ፣ ለኦፕራሲዮን ጎንደር ለምትላክ አባል ወይም የአባል ቤተሰብ የመኪናና የአንድ አስታማሚ ስንቅ ከሣጥኑ በብድር ይሰጣል፤ ብድሩ ከመኸር በኋላ ያለ ወለድ ይመለሳል። ገንዘቡ ብዙ ስላልሆነ በተራ ነው። ለክትትል ቀጠሮ ለሚመላለሱትም እንደዚሁ፤ ምክንያቱም ሰው ኦፕራሲዮኑን ተበድሮም ይሄዳል፣ የሚቀርበት ቀጠሮው ነው። ሌላው፣ የታመመችው ሴት ቤት ልጆችና ከብቶች እንዳይጎዱ ጎረቤት በተራ እንዲመደብ ነው። እንጀራ መጋገሩን ሴቶቹ ብቻ ይዘውት እንዳይቀሩ፣ ውኃ መቅዳትና እንጨት ማምጣት ለወንዶቹ ተመድቧል። አትሣቁ፤ በቃለ ጉባኤ ገብቷል።

የመጨረሻው ብዙ ያከራከረን ነው። በለቅሶ ላይ ላልተገኘ አባል መቀጫ አለን፤ በድንኳን ሥር ለተጣላም መቀጫ አለን። በሰው ሚስት ወይም በሰው ልጅ ሆድ ላይ «ከማን ናት» ብሎ ወሬ ለነዛ ግን ምንም የለንም። ከአመራሩ ግማሹ «ወሬ በምን ይመዘናል፣ ማን ይመሰክራል» ይላል፤ ግማሹ ደግሞ ለለቅሶ ለቀረ የሚከፈለው ይከፈል ባይ ነው። እኛ ከሁለተኛው ወገን ነን። ያቺ እኅት ከሕመሙ ይልቅ ከወፍጮ ቤት ደጃፍ ያለው ሣቅ እንዳስቀራት፣ ደባርቅ ለመውጣት አራት ወር የዘገየችውም በዚያ ምክንያት እንደሆነ ከአፏ ሰምተናልና። ይሁን እንጂ የሚወስነው ጉባኤው ነው። አሁን በመቀጫው ላይ እጅ በማውጣት ድምፅ እንሰጣለን፤ ሴቶች አባሎችም ከኋላ ሳትደበቁ እጃችሁን አውጡ። ለጉዞ ብድሩ መመዝገቢያው ደብተር ዘወትር እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ በጽሕፈት ቤቱ ይገኛል። የሕመሙ ዓይነት በደብተሩ ላይ አይጻፍም፤ ስምና የቀጠሮ ቀን ብቻ ነው።

የማኅበሩ ጽሕፈት ቤት
ድብ ባሕር